ረጅሙ የአየር ቡት ለተሰበረ ተረከዝ ይሆናል?

«ዎኪንግ ቡት» የሚባለው፣ እስከ ባት የሚደርሰውና አየር የሚሞላው የስብራት ቡት ከጀሶ የሚሻልበት ብዙ ነው። ለመታጠብ ይወልቃል፣ ቆዳው ቢቆስል ቶሎ ይታያል፣ እብጠቱ ሲቀንስ እንደገና ይጠብቃል። ትልቁ ጉድለቱ ስሙ ነው። መራመጃ ስለተባለ ብቻ፣ ተረከዙ የተሰበረ ሰው ክራንቹን ጥሎ ይረግጥበታል።

ከመሰላል ወይም ከግንባታ ርብራብ ወድቆ በእግሩ ያረፈ ሰው ክብደቱ የሚያርፈው ተረከዙ ላይ ነው። አጥንቱ ከላይ ስስ ቅርፊት፣ ውስጡ ስፖንጅ መሰል ስለሆነ ይደቃል። ቡቱ ቁርጭምጭሚት እንዳይጠመዘዝ ይይዛል እንጂ በቆሙ ቁጥር ተረከዝ ላይ የሚወርደውን ጫና አያስቀርም። ብዙ ጊዜ ከ6 እስከ 12 ሳምንት ሳይረግጡ መቆየት የሚያስፈልገውም ለዚህ ነው፤ ቀኑን የሚወስነው ራጁን ያየው ሐኪም ነው። ስለዚህ ለተረከዝ ከሆነ ቡቱን ያለ ክራንች መግዛት ግማሽ ዕቃ መግዛት ነው። ደግሞም በእንዲህ ያለ አወዳደቅ የወገብ አጥንት አብሮ ሊሰበር ስለሚችል፣ እግር ብቻ ታይቶ መመለስ አይገባም። ወጌሻ ጋ ሄዶ ማሳሸትማ የተሰባበረውን ይበልጥ ያናጋዋል።

ሲለበስ ረጅም ስስ ካልሲ ይቅደም። ተረከዝ ወደ ኋላ ጥግ ድረስ ይግባ፤ ማሰሪያዎቹ ከጣት በኩል ጀምሮ ወደ ላይ ይታሰሩ፤ አየሩ መጨረሻ ላይ ይሞላ። እግር ማታ ማታ ስለሚያብጥ የጠዋቱ ልክ ሲመሽ ያንቃል። ጣት ከደነዘዘ ወይም ከቀዘቀዘ አየሩን ወዲያው ማስተንፈስ ነው፤ ካልተሻለው ሐኪም ቤት። የስኳር ሕመም ኖሮበት እግሩ የማይሰማው ሰው በየቀኑ አውልቆ ቆዳውን ይይ።

ለጣትና ለመሐል እግር ስብራት አጭሩ ቡት ብዙ ጊዜ ይበቃል፣ ይቀላልም። የተረከዝ ጅማት ለተበጠሰበት ግን ረጅሙ ሆኖ፣ ውስጡ ከተረከዝ ሥር የሚገቡና በሐኪም ትእዛዝ አንድ በአንድ የሚወጡ ሽብልቆች ያስፈልጉታል። ከመክፈልዎ በፊት አብረው መኖራቸውን ይጠይቁ፤ ብዙዎቹ ያለ እነሱ ነው የሚሸጡት።

መርገጥ ሲፈቀድ ሌላ ጣጣ ይመጣል፤ የቡቱ ሶል ወፍራም ስለሆነ አንዱ እግር ይረዝማል፣ ዳሌና ወገብ ያማል። መፍትሔው ለደህናው እግር በከፍታ የሚመጣጠን ጫማ ነው።

ያገለገለ ቡት የሚገዛ ሰው አየር ሞልቶ ያሳድረው። ጠዋት ከላላ ከረጢቱ ያፈሳል፣ ይተወው።