ቡሽ ወይስ ሸክላ? ለሚያልበው ብርጭቆ

አዳማ፣ ከሰዓት በኋላ። ከፍሪጅ የወጣ አምቦ ውሃ ብርጭቆ ላይ ቅዱና ጠብቁ። ብዙ ሳይቆይ ብርጭቆው ያልበዋል። ውሃው ከውስጥ ሾልኮ አይደለም። አየር ውስጥ ያለው እርጥበት ቀዝቃዛውን ብርጭቆ ሲነካ ጠብታ ይሆናል። የእንጨት ጠረጴዛዬ ላይ ያሉት ሦስት ነጭ ክቦች ምስክር ናቸው።

ስለዚህ ከብርጭቆ ስር የሚቀመጥ ሁለት ዓይነት ገዛሁ፤ አንዱ ቡሽ፣ ሌላው ልባስ የሌለው ሸክላ።

ቡሽ የዛፍ ቅርፊት ነው። ፖርቹጋል ውስጥ ከአንድ ዛፍ በ9 ዓመት አንዴ ይላጣል። ውስጡ አየር የያዙ የተዘጉ ጥቃቅን ክፍሎች ስላሉት ውሃ ቶሎ አይገባውም። ደስ ይላል። ግን ጠብታው የት ይሂድ? ላዩ ላይ ይተኛል። ብርጭቆውን ሳነሳ ቀላሉ ቡሽ ተጣብቆ አብሮ ይነሳና መሃል መንገድ ላይ ዱብ! ሸሚዜ ያውቀዋል።

ሸክላው ግን ይጠጣል። ጠብታው ያረፈበት ቦታ ጠቆር ይላል፤ በጣት ሲነኩት ውሃ የለም። የጀበና ዘመድ አይደል! ጣጣው ሌላ ነው። ቡና ከፈሰሰበት ምልክቱ አይለቅም። ስሩ ሻካራ ስለሆነ ጠረጴዛ ይቧጭራል፤ እኔ የአሮጌ ጋቢ ቁራጭ ለጥፌበታለሁ። ውሃ ከጠገበ ደግሞ ወደ ታች ያሳልፋል። ያኔ ፀሐይ ላይ ማስጣት ነው፤ ፀሐይ ደግሞ አዳማ ላይ አይቸግርም።

ለትኩስ ሻይ ቡሹ ይሻላል፤ ሙቀት አያሳልፍም። ለቀዝቃዛ ግን እጄ የሚሄደው ወደ ሸክላው ነው። ከአራቱ ሸክላዎች አንዱን ልጄ ጥላ ሰብራዋለች፤ ሦስቱ አሁንም መስኮቱ ጋ ተሰጥተዋል።