ፍርድ ቤት በር ላይ ላሉት ክስ ጸሐፊ፦ ከ5 ኮከብ 4

ዓሣ ነጋዴ ነኝ። ቀረሶና አምባዛ ከዘጌ በኩል እየተቀበልኩ ባሕር ዳር ላሉ ሆቴሎች አቀርባለሁ። አንዱ ሆቴል የወራት ሒሳቤን ከለከለኝና ክስ ውስጥ ገባሁ። ስለ ፍርድ ቤት መጓተት ሁሉም ሰው የሚለው አለው። እኔ የምጽፈው በሩ አጠገብ ጃንጥላ ዘርግተው ክስ ስለሚጽፉት ጋሼ ነው።

መጀመሪያ ያሠራሁት ሌላ ቤት ነበር፤ ኮምፒውተሩ አዲስ፣ ወንበሩ ምቹ። ልጁ የሌላ ሰው ክስ ከፍቶ ስም ቀያየረና ቡናዬን ሳልጨርስ አትሞ ሰጠኝ። የተከሳሽ አድራሻ ላይ «ባሕር ዳር ከተማ» ብሎ ጽፏል። በቃ! መጥሪያ የያዘው ሰው የት ሄዶ ይፈልግ? ቀጠሮው ሲደርስ «መጥሪያ አልደረሰም» ተባለና ድጋሚ መጥሪያ ይውጣ ተብሎ ተገፋ። በሚቀጥለው ደግሞ የሆቴሉ ጠበቃ መጥቶ «በዚህ ስም የሚታወቅ ድርጅት የለም» አለ። ለካ በሩ ላይ የተጻፈው ስም ሌላ፣ ንግድ ፈቃዱ ላይ ያለው ሌላ ነው። ክሱን አሻሽለሽ አቅርቢ ተባልኩ። ዓሣ በዚህ ፍጥነት ብሸጥ ገና ድሮ ከስሬ ነበር።

ጋሼ ጋ የሄድኩት ያኔ ነው። እስክሪብቶ ከማንሳታቸው በፊት ጥያቄ ያዘንባሉ። «እታለም፣ ሆቴሉ የግለሰብ ነው ወይስ የማኅበር?» አላውቅም ስላቸው ንግድ ጽሕፈት ቤት ሄጄ አጣርቼ እንድመጣ መለሱኝ። ተናድጄ ነበር የሄድኩት፤ የዚያን ቀን ዓሣ በሰው አሸጥኩ። የስም ክርክር ግን ዳግመኛ አልተነሳም። ቀበሌው፣ የቅርብ ምልክቱ፣ የሥራ አስኪያጁ ስልክ፣ ሁሉም ክሱ ላይ ገባ። መጥሪያው በመጀመሪያው ሙከራ ደረሰ።

የርክክብ ደብተሬንም ገጽ በገጽ አዩት። የሆቴሉ ሰው የፈረመባቸውን ብቻ ለይተው ኮፒ አስደረጉ። የ1958ቱ የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ቁጥር 223 የምስክርና የሰነድ ዝርዝር ከክሱ ጋር ይቅረብ ይላል። ጋሼ ይህን በቃላቸው ነው የሚያውቁት። «በኋላ አመጣለሁ ካልሽ ለእነሱ ቀጠሮ ሸለምሻቸው» አሉኝ። በጣም የወደድኩት ደግሞ ወለዱን ነው። እኔ የፈለግሁት ብሬን ብቻ ነበር። እሳቸው 9 በመቶ ሕጋዊ ወለድ፣ ወጪና ኪሳራም ጨመሩበት። ዳኛ ያልተጠየቀውን አይሰጥም። የኮምፒውተሩ ልጅ ይህን ትንፍሽ አላለም።

ዋጋቸው ኮፒን ሳይጨምር 400 ብር ነው፤ ከዚያኛው ቤት ይበልጣል። አቅም የሌለው ሰው ሲመጣ ግን ገንዘብ አይቀበሉም። አንዲት እናት የውርስ ጉዳይ ይዘው ሲመጡ፣ የባሕር ዳር ዩኒቨርሲቲ የሕግ ትምህርት ቤት ነፃ የሕግ ድጋፍ እንደሚሰጥ ነግረው ሲልኳቸው አይቻለሁ። የዳኝነት ክፍያ መክፈል ካቃታቸውም በደሃ ደንብ፣ ማለትም ሳይከፍሉ፣ መክሰስ እንደሚቻል አስረዷቸው።

አንዷን ኮከብ የቀነስኩት በምክንያት ነው። ስልክ አያነሱም። በእጅ ጽፈው ነው ለታይፕ የሚሰጡት፣ መብራት ከጠፋ ቀኑ አለቀ። ከጣና ነፋስ ሲነሳ ወረቀቱ ላይ ድንጋይ ይጭናሉ፤ የእኔ አንድ ገጽ ግን በሮ ጭቃ ውስጥ ገባና እንደገና ተጻፈ። አንዳንዴም እንደ ጠበቃ ያደርጋቸዋል፤ ችሎት ገብተው መከራከር ግን አይችሉም። «መዝገቡ ገና አልተመረመረም» ለሚል ቀጠሮም ሆነ ለክረምቱ የፍርድ ቤት ዕረፍት መድኃኒት የላቸውም።

ተፈርዶልኛል። ብሩ ግን አልመጣም፤ ማስፈጸሚያው ሌላ መዝገብ፣ ሌላ ማመልከቻ ነው። እሱንም እሳቸው ናቸው የሚጽፉልኝ። የምትሄዱ ከሆነ ሰኞን ተዉትና በሌላ ቀን ጠዋት ከ2 ሰዓት በፊት ድረሱ። የተከሳሹን የንግድ ፈቃድ ስም አጣርታችሁ ሂዱ። የራሳችሁንስ ታውቁታላችሁ።