ኮንሶሉን የማይቀሰቅስ ጆይስቲክ፦ ዱዋልሴንስ፣ ኤክስቦክስ ወይስ ስዊች ፕሮ?

የጆይስቲኩን የመሃል ቁልፍ ሲጫኑት ኮንሶሉ (ከቲቪ ጋር የሚያያዘው የጨዋታ መሣሪያ) ዝም ካለ፣ ብዙ ሰው ወዲያው የሚያስበው አዲስ ጆይስቲክ መግዛትን ነው። ገንዘብ ከማውጣትዎ በፊት ግን ኮንሶሉን በራሱ ቁልፍ ያብሩት። በዚያም ካልበራ ችግሩ የሶኬቱ፣ የገመዱ ወይም የኮንሶሉ ስለሆነ ምንም ዓይነት ጆይስቲክ አያድነውም። ከበራ በኋላ ጆይስቲኩ እንደ ወትሮው ካጫወተዎት ጆይስቲኩ ደህና ነው፤ የጎደለው መቀስቀሱ ብቻ ነው። ኮንሶሉ በርቶም ጆይስቲኩ የማይታዘዝ ከሆነ ደግሞ ወይ ባትሪው አልቋል፣ ወይ ግንኙነቱ ጠፍቷል። ሦስቱ ታዋቂ ጆይስቲኮች የሚለያዩት እዚህ ላይ ነው፤ ለእኔ ከቀለምና ከቅርጽ ይልቅ መምረጫው ይህ ነው።

ከባትሪው እንጀምር። የኤክስቦክስ ጆይስቲክ የሚሠራው በሁለት ደብል ኤ ድንጋይ ነው። አዲስ ድንጋይ ሲያስገቡ ጥፋቱ የባትሪ መሆን አለመሆኑ ወዲያው ይታወቃል። ከዓመታት በኋላም ባትሪ ደከመ ብሎ ጆይስቲኩን የሚጥል አይኖርም። የፕሌይስቴሽን 5 ዱዋልሴንስ ውስጡ የተገጠመ 1,560 ሚሊአምፔር ሰዓት ባትሪ አለው፤ የኒንተንዶ ስዊች ጆይስቲክ የሆነው ፕሮ ደግሞ 1,300 ነው። ቁጥሩ ግን እንዳያታልልዎ፦ ኒንተንዶ ለፕሮው 40 ሰዓት ገደማ ሲሰጥ፣ ዱዋልሴንስ በንዝረቱ፣ በመብራቱና በድምፅ ማጉያው ምክንያት ከዚያ እጅግ ቀድሞ ቻርጅ ይጠይቃል። ሶፋ ላይ ተረስቶ ያደረ ዱዋልሴንስ ጠዋት ኮንሶሉን ባይቀሰቅስ አይግረምዎ፤ መጀመሪያ ቻርጅ ላይ ያቆዩት።

ግንኙነት ሲጠፋ ብዙ የሚያስቸግረው ዱዋልሴንስ ነው። አንድ ሰው ከስልኩ ወይም ከኮምፒውተሩ ጋር በብሉቱዝ ካገናኘው፣ ኮንሶሉን ሊረሳው ይችላል። መፍትሔው ጀርባው ላይ፣ ከሶኒ አርማ አጠገብ ያለችው ጠባብ ቀዳዳ ናት። ኮንሶሉን ያጥፉ፤ የወረቀት መያዣ ሽቦ ቀጥ አድርገው ቀዳዳዋ ውስጥ ያስገቡና ውስጥ ያለችው ቁልፍ ስትጫን እየተሰማዎት ለ5 ሰከንድ ያህል ይያዟት። ከዚያ በዩኤስቢ ኬብል ከኮንሶሉ ጋር ያገናኙትና የፒኤስ ቁልፉን ይጫኑ። እዚህ ላይ ብዙ ሰው የሚሰናከለው በኬብሉ ነው፦ አንዳንድ ኬብል ኤሌክትሪክ ብቻ እንጂ ዳታ አያስተላልፍም። ብርቱካናማ መብራት እያሳየ ቻርጅ ያደርጋል፣ ግን አይገናኝም። ጆይስቲክ ተበላሸ ከማለትዎ በፊት ኬብል ይቀይሩ።

ኤክስቦክስ ኬብል አያስፈልገውም። ኮንሶሉ ላይ ያለውን የማገናኛ ቁልፍ ይጫኑ፣ ከዚያ ጆይስቲኩ አናት ላይ ያለውን ትንሽ ቁልፍ መብራቱ በፍጥነት እስኪብለጨለጭ ይያዙት፤ በቃ። በ2020 የወጣው ሞዴል ደግሞ ኮንሶሉንና አንድ የብሉቱዝ መሣሪያን አብሮ ያስታውሳል፤ ያንኑ ትንሽ ቁልፍ ሁለቴ ሲነኩት ከአንዱ ወደ ሌላው ይሻገራል። ስልክ ላይም ለሚጫወት ሰው ይህ ትልቅ ጥቅም ነው።

ስዊች ግን ብዙዎች እንደ ብልሽት የሚያዩት አንድ ጠባይ አለው። ኮንሶሉ ስሊፕ ላይ (ሙሉ በሙሉ ሳይጠፋ በእንቅልፍ) ከሆነ የፕሮው ሆም ቁልፍ ይቀሰቅሰዋል፤ ሙሉ በሙሉ ከጠፋ ግን አይቀሰቅሰውም፣ ኮንሶሉ ላይ ያለውን ቁልፍ መጫን ግድ ነው። ስዊች 2 በ2025 ሲወጣ ደግሞ የድሮዎቹ ጆይስቲኮች እንደሚያጫውቱ፣ ከስሊፕ ግን እንደማይቀሰቅሱት ኒንተንዶ ራሱ አስታውቋል። የድሮውን ፕሮ ለስዊች 2 ብሎ የሚገዛ ሰው ይህን አውቆ ይግዛ።

ሌሎች ኩባንያዎች የሚሠሯቸው ርካሽ ጆይስቲኮችስ? መቀስቀስ ለሚፈልግ ሰው አልመክርም። በስዊች በኩል አንዳንዶቹ ያጫውታሉ እንጂ አይቀሰቅሱም። ለፕሌይስቴሽን 5 የሚሠሩት ብዙ ጊዜ በዩኤስቢ የሚሰካ ተቀባይ ይዘው ይመጣሉ፤ ኮንሶሉ ሬስት ሞድ (የፕሌይስቴሽን የእንቅልፍ ሁኔታ) ላይ ሳለ ያ የዩኤስቢ ቀዳዳ ኃይል ካላገኘ ጥሪው የሚሰማው የለም። ኤክስቦክስ የራሱ የገመድ አልባ ስልት ስላለው በብሉቱዝ ብቻ የሚሠራ ጆይስቲክ ጨርሶ አይቀበልም። ካርቶኑ ላይ «ኮንሶሉን ይቀሰቅሳል» የሚል በግልጽ ካልተጻፈ አይቀሰቅስም ብለው ያስቡ።

አንዳንዴ ደግሞ ጥፋቱ የማንም ጆይስቲክ አይደለም። ዩኤስቢ 3 ላይ የተሰካ ሃርድ ዲስክ ጆይስቲኮች የሚጠቀሙበትን የ2.4 ጊጋኸርዝ ሞገድ ይረብሻል፤ የብረት ቁም ሳጥን ውስጥ የተከተተ ኮንሶልም ሲግናሉ ይዳከማል። ሃርድ ዲስኩን በረዘም ያለ ገመድ አርቀው ይሞክሩ።

ለእኔ ለብዙ ዓመት አገልግሎት የሚመረጠው የኤክስቦክሱ ነው፤ ሲያምፅ ምክንያቱ ቶሎ ይገኛል፣ ጥገናውም ቀላል ነው። ንዝረቱንና ስሜቱን ለሚወድ ዱዋልሴንስን የሚተካ የለም፤ ግን ዳታ የሚያስተላልፍ ጥሩ ኬብል አብረው ይግዙ። ቻርጅ ማድረግ የሚሰለቸው የስዊች ተጫዋች ፕሮውን ይውሰድ። ያገለገለ ከሆነ የሚገዙት፣ ከመክፈልዎ በፊት ኮንሶሉን ስሊፕ ላይ አድርገው፣ ጥቂት እርምጃ ርቀው የመሃል ቁልፉን ይጫኑ፤ ገመድ ተሰክቶ ብቻ የሚቀሰቅስ ከሆነ ይመልሱት።