ፊልሙን ራስ ማሳየት ወይስ ለአከፋፋይ መስጠት

ኢትዮጵያዊው የፊልም ዳይሬክተር ኃይሌ ገሪማ እ.ኤ.አ. በ1993 ስለ ባርነት የሚተርከውን «ሳንኮፋ» የተባለ ፊልሙን ሲያወጣ፣ ፊልም ተቀብለው ለሲኒማ ቤቶች የሚያቀርቡት የአሜሪካ አከፋፋዮች ፊት አልሰጡትም። ዋሽንግተን ላይ ሲኒማ ቤት ተከራይቶ ጀመረና ከተማ ለከተማ እየዞረ አሳየው። ፖለቲካ ያለው ፊልም የሚሠራ ሰው ዛሬም ከእነዚሁ ሁለት መንገዶች ይመርጣል።

በኪራይ ስታሳይ አዳራሹን በቁርጥ ዋጋ ትይዛለህ፤ የቲኬቱ ገቢ ያንተ ነው። ኪራዩ 1,000 ዶላር፣ ቲኬቱ 10 ዶላር ቢሆን የመጀመሪያዎቹ 100 ሰዎች ኪራዩን ብቻ ይሸፍናሉ፤ የፖስተርና የማስታወቂያ ወጪ ገና አልተነካም። ብዙዎች የሚወድቁት ቀን ቆርጠው ሲያበቁ ተመልካች መፈለግ ስለሚጀምሩ ነው። ቲኬት የሚሸጡልህን ማኅበራት፣ አብያተ ክርስቲያናትና የተማሪ ክበቦች አስቀድመህ ያዝ። ፋይሉንም ከሁለት ቀን በፊት በራሱ በአዳራሹ ማሽን ሞክረው፤ ድምፁ ሊዛባ፣ የትርጉም ጽሑፉ ሊጠፋ ይችላል።

አከፋፋይ ይህን ድካም ያነሳልሃል፤ ግን ወጪውን ከአንተ ድርሻ በፊት ይቆርጣል። ውሉ ላይ የወጪ ጣሪያ ካልተጻፈ የሚደርስህ ባዶ ሊሆን ይችላል። ፊልሙን የማሳየት መብቱ ወደ አንተ የሚመለስበትን ቀንም ሳታይ አትፈርም። «ሳንኮፋ» ታድሶ ኔትፍሊክስ ላይ የወጣው በ2021፣ ከ28 ዓመት በኋላ ነው፤ እንዲህ ዕድሜ ያለውን ሥራ በውል ለምሳሌ ለ25 ዓመት አሳልፎ መስጠት ትልቅ ስህተት ነው።