ከጁባ ወደ ደሴ ገንዘብ ማስላክ፦ ሦስቱ መንገዶች ሲመዘኑ

ጁባ የሚሠራ ሰው ደሴ ወይም ኮምቦልቻ ላለ ቤተሰቡ ብር የሚያደርስባቸው መንገዶች ሦስት ናቸው፤ ከሒሳብ ወደ ሒሳብ በባንክ፣ በሚስጥር ቁጥር የሚወጣ ሐዋላ፣ እና በነጋዴ ወይም በመንገደኛ እጅ። ብዙ ሰው የሚያወዳድረው የመላኪያ ክፍያውን ነው። ክፍያው ግን ከወጪዎቹ ሁሉ ትንሹ ነው። ትልቁ ወጪ ፓውንዱ ወደ ዶላር እስኪለወጥ የሚያልፈው ጊዜ ነው። ይህን እንደ 2008 ዓ.ም. አድርጎ ያሳየ ዓመት የለም።

የደቡብ ሱዳን ፓውንድ ሥራ ላይ የዋለው አገሪቱ ነጻ በወጣች በቀናት ውስጥ፣ ሐምሌ 2003 ነው። ይፋዊ ዋጋው ለረጅም ጊዜ በዶላር 2.96 ላይ ታስሮ ቆየ። የመንግሥት ገቢ ከሞላ ጎደል ነዳጅ ብቻ ሲሆን፣ ነዳጁ የሚወጣው በሱዳን በኩል በተዘረጋ ቧንቧ ነው። መስከረም 2005 አዲስ አበባ ላይ በተፈረመው ስምምነት ጁባ ለካርቱም በበርሜል 25 ዶላር ገደማ ለመክፈል ተስማማች። ነዳጅ በበርሜል 100 ዶላር በሚሸጥበት ዘመን ይህ ይቻል ነበር። ጥር 2008 ላይ ዋጋው ከ30 ዶላር በታች ሲወርድ ለአገሪቱ የሚተርፋት ምንም ያህል አልነበረም። ከዚያ ቀደም ብሎ፣ ታኅሣሥ 5፣ ማዕከላዊ ባንኩ ምንዛሪውን ለቀቀውና ዶላር በአንድ ቀን 18.5 ፓውንድ ገባ።

ፖለቲካውም ከኢኮኖሚው የተሻለ አልነበረም። መስከረም ላይ ፕሬዚዳንት ሳልቫ ኪር 10ሩን ክልሎች በአዋጅ 28 አደረጓቸው። የአማፂዎቹ መሪ ሪየክ ማቻር በሰላም ስምምነቱ መሠረት ሚያዝያ 18 ጁባ ተመልሰው ተቀዳሚ ምክትል ፕሬዚዳንት ሆኑ፤ ሦስት ወር እንኳ ሳይሞላ፣ ሐምሌ 1 ቀን፣ ሁለቱ ሰዎች ቤተ መንግሥት ውስጥ እያሉ ደጁ ላይ ተኩስ ተከፈተ። በማግስቱ ሊከበር የነበረው አምስተኛው የነጻነት በዓል አስቀድሞ በገንዘብ እጥረት ተሰርዞ ነበር። የመንገደኞች በረራ ቆመ፣ የዓለም ምግብ ፕሮግራም ዋና መጋዘን ተዘረፈ። ጥቅምት 2009 የዓመቱ የዋጋ ንረት 835.7 በመቶ ደረሰ።

ይህን ወደ ደሴ ቤተሰብ ሒሳብ እንመልሰው። 3,000 ፓውንድ ደመወዝ በ2.96 ቢሰላ 1,013 ዶላር ነው፤ በ18.5 ግን 162 ዶላር ብቻ። ዶላር በዚያን ወቅት 21 ብር ገደማ ስለነበር፣ ልዩነቱ የ21,000 ብርና የ3,400 ብር ነው። እርግጥ በ2.96 ዶላር የሚያገኘው ባለወገኑ ነበር፤ ተራው ሠራተኛ ከታኅሣሥ በፊትም የሚገዛው ከገበያ፣ በብዙ እጥፍ ነው። ስለዚህ ይፋዊ ዋጋ ጠቅሶ «ርካሽ ነኝ» የሚል አገልግሎት ቢኖር፣ በዚያ ዋጋ ዶላሩን ዛሬ ይሰጥ እንደሆነ ይጠየቅ።

ከሒሳብ ወደ ሒሳብ የሚላከው ለትልቅ ገንዘብ ጥሩ ነው፤ ደረሰኝ አለው፣ ቢዘገይም ዱካው አይጠፋም። ድክመቱ ወረፋው ነው። ላኪው ፓውንድ ያስገባል፣ ባንኩ ግን የሚልከው ዶላር ሲያገኝ ነው። ምንዛሪ በተረጋጋበት ወቅት ሳምንት መጠበቅ ምንም ላይሆን ይችላል፤ እንደ 2008 ባለ ጊዜ ግን የሳምንቱ ኪሳራ የዓመት የመላኪያ ክፍያ ይበልጣል። ቅጹ ላይ የተጻፈው መጠን በፓውንድ ከሆነ ኪሳራው የላኪው ነው። በዶላር ተጽፎ ዋጋው በዕለቱ ከተቆረጠ ብቻ ይፈረም።

በሚስጥር ቁጥር የሚወጣው፣ ዌስተርን ዩኒየንን የመሰለው፣ ለወር ቀለብ ከሁሉም ይሻላል። ዋጋው መስኮቱ ላይ እንደቆሙ ይቆረጣል፤ ደሴ ፒያሳ አካባቢ ካሉት ባንኮች በ10 አሃዝ ቁጥርና በመታወቂያ በዚያው ቀን ይወጣል። ኮምቦልቻ ያለ ሰው ለዚህ ሲል 25 ኪሎ ሜትር ዳገት መውጣት አያስፈልገውም። ተቀባይን ከመስኮት የሚመልሰው በአብዛኛው ስም ነው። ሙሐመድና ሰይድ በላቲን ፊደል በየሰዉ ይለያያሉ፤ ላኪው በአንድ ዓይነት፣ መታወቂያው በሌላ ከሆነ ከፋዩ አይከፍልም፣ ማረሚያው ደግሞ የሚሠራው ጁባ ነው። ተቀባይዋ መጀመሪያ የመታወቂያዋን ፎቶ ትላክ፤ ላኪው ከራሷ ከአባቷና ከአያቷ ስም አንድ ፊደል ሳይቀይር ይገልብጥ።

በሰው እጅ የሚመጣው ፈጣን ነው፣ ሕጋዊ ግን አይደለም፤ ገንዘቡ ቢጠፋ አቤት የሚባልበት የለም። በ2008 የፓውንድ ትልቁ ኖት መቶ ነበር፤ ዶላር 50 ፓውንድ ሲገባ 200 ዶላር ለመግዛት አንድ ሙሉ እስር፣ መቶ ኖት፣ ይዞ ጁባ ገበያ ውስጥ መሄድ ያስፈልጋል። የተቀደደ፣ የተጻፈበት ወይም አሮጌ እትም ዶላር ደግሞ ዋጋው ይቀነሳል ወይም ጭራሽ አይወሰድም። በረራ ሲቆም ይህ መንገድ አብሮ ይቆማል። ቀድሞ የሚስበው የባንክና የጥቁር ገበያ ምንዛሪ መራራቁ ነበር። ሐምሌ 22 ቀን 2016 ብሔራዊ ባንክ ብርን ለገበያ ከለቀቀ፣ ዶላርም በአንድ ቀን ከ57 ወደ 74 ብር፣ ከዚያ በሳምንታት ውስጥ ከ100 በላይ ካለፈ በኋላ፣ ያ ጥቅም ተመናምኗል።

የደሴ ወገንም የራሱ መሰናክል አለው። በ2014 ጦርነት ከተማዋ እስከ ኅዳር 27 በሌላ ኃይል እጅ ነበረች። ከ2015 ክረምት ጀምሮ ደግሞ በክልሉ የሞባይል ኢንተርኔት ለወራት ተቋርጦ ነበር። በስልክ መተግበሪያ ብቻ የሚከፍል አገልግሎት እንዲህ ባለ ጊዜ ምንም አይጠቅምም፤ ቁጥሩ በተራ የስልክ ጥሪ ተነግሮ ከመስኮት የሚወጣው ግን ቅርንጫፉ መስመር እስካለው ይሠራል።

ማወዳደሪያው አንድ ስሌት ነው። እዚህ የወጣውን ብር እዚያ ለተሰጠው ጠቅላላ ፓውንድ፣ ክፍያው ተጨምሮበት፣ ያካፍሉ። ውጤቱ ከፍ ያለው መንገድ ርካሹ ነው፤ ማስታወቂያው «ያለ ክፍያ» ቢልም ባይልም። ስሌቱ በተመሳሳይ ቀን ዋጋ ይሁን፣ ምክንያቱም የሰኞ ፓውንድ ከዓርብ ፓውንድ ጋር አይወዳደርም።