«ያልተለቀቀ ሂፕ ሆፕ» ተብሎ የሚሸጠውን ሜሞሪ ሳታስፈትሹ አትግዙ

ደሴና ኮምቦልቻ ያላችሁ የሂፕ ሆፕ ወዳጆች፣ ይቺን ሳታነቡ ብር እንዳታወጡ።

ሥራዬ ኮምቦልቻ ነው፣ ቤቴ ደሴ። በየቀኑ በመሀል ያለውን የሐረጎን ዳገት እወርዳለሁ፣ እወጣለሁ። ለመንገዱ ብዬ ባለፈው ወር ፒያሳ አካባቢ ከአንድ ሻጭ ትንሽ ኤምፒስሪ ማጫወቻ ከ256 ጊጋ ሜሞሪ ጋር በ6,500 ብር ገዛሁ። «1,400 ያልተለቀቁ ዘፈኖች አሉበት፤ የቱፓክ፣ የናስ፣ የጄ ዲላ» አለኝ። እዚያው ቆሜ አሥር ያህሉን ሰማሁ። ሁሉም ይሠራል። ከፈልኩ።

ማታ የራሴን ስብስብ ጨመርኩበት። ዘጠኝ ዓመት ሙሉ ከጓደኛ ፍላሽ፣ ከአሮጌ ሲዲ፣ ከየቦታው የለቃቀምኩት 40 ጊጋ ነው። ኮፒው በሰላም አለቀ። ላፕቶፔ ጢም ብሎ ስለነበር ከዚያ አጠፋሁት። በማግሥቱ ሐረጎ ላይ ስከፍተው የዘፈኖቹ ስም አለ፣ ድምፅ ግን የለም። ዛሬም ሳስበው ያመኛል።

ኤችቱቴስትደብሊው በሚባል ነጻ ፕሮግራም አስፈተሽኩት። እውነተኛው መጠኑ 16 ጊጋ እንኳ አይሞላም። እንዲህ ዓይነቱ ሜሞሪ «256 ነኝ» እንዲል ተደርጎ የተሠራ ነው። ያለው ቦታ ሲሞላ፣ የምትጨምሩት ወይ የድሮውን ይደመስሳል ወይ የትም ሳይገባ ይጠፋል። ላፕቶፑ ግን ኮፒው ተጠናቋል ይላችኋል። የሻጩ ዘፈኖች ከ14 ጊጋ ስለማይበልጡ ነው እፊቴ ሁሉም የሠራው።

ዘፈኖቹም ቢሆኑ ስማቸው ተቀይሯል እንጂ ብርቅ አይደሉም። «የትም አታገኘውም» ያለኝ የናስ ዘፈን እ.ኤ.አ. በ2002 በወጣው «ዘ ሎስት ቴፕስ» አልበሙ ላይ ያለ ነው። አንድ ሰሞን በእርግጥ ያልተለቀቀ ነበር፤ ከወጣ ግን ስንት ዘመኑ! ከመክፈላችሁ በፊት ስልካችሁ ላይ ሻዛም የሚባለውን፣ ዘፈን ሰምቶ ስሙን የሚነግር አፕ ክፈቱና አሰሙት። ወዲያው ካወቀው፣ የተለቀቀ ነው።

የድምፁ ጥራት 320 (ኪሎቢት በሰከንድ) ነው ቢሏችሁም አትመኑ። 128 የነበረውን መልሰው 320 ያደርጉታል። የአራት ደቂቃ ዘፈን ከ4 ሜጋ ወደ 9 ተኩል ያብጣል፣ የተቆረጠው ድምፅ ግን አይመለስም። ስፔክ በሚባል፣ ድምፅን በሥዕል በሚያሳይ ፕሮግራም ስታዩት 16 ሺህ ኸርዝ አካባቢ በቢላ የተቆረጠ ይመስላል።

ሻጩ አሁን ስልክ አያነሳም። ኮምቦልቻ ያለ ጓደኛዬም እንዲሁ ያለ ሜሞሪ ገዝቶ ተሸውዷል፤ ስለዚህ ነገሩ እኔ ጋ ብቻ አልቆመም።

ቀድማችሁ ገዝታችሁ ከሆነ አደራ፣ ምንም አትጨምሩበት። መጀመሪያ የሚሠራውን ወደ ኮምፒውተር ገልብጡ። እንደ እኔ የራሳችሁን ከላፕቶፕ ካጠፋችሁ ደግሞ ላፕቶፑ ላይ አዲስ ነገር ሳትጭኑ ቶሎ ወደ ባለሙያ ውሰዱት። እኔ በዚህ መንገድ 11 ጊጋ ያህሉን አግኝቻለሁ።