ደሴ ፒያሳ ያለው ፊልም መጫኛ ቤትና የጃፓኑ ሰውዬ

ደሴ ፒያሳ ፍላሽ ላይ ፊልም የሚጭን አንድ ጠባብ ሱቅ አለ፣ ወቀሳም ስላለኝ ስሙን አልጠራም። እኔ የምሰራው ኮምቦልቻ ነው ግን ሐረጎን ወጥቼ ደሴ ከገባሁ እዛ ሳልደርስ አልመለስም።

ባለፈው ልጁን የጃፓን ሆረር ስጠኝ አልኩት። ፎልደሩን ሲከፍተው ጉድ ነው፣ ጃፓኑም ቻይናውም "ኮሪያ" ተብሎ አንድ ላይ ታጭቋል፣ ግማሹ ደሞ ትርጉም ነው። እኔ የምፈልገው ደሞ መሪ አክተር አይደለም፣ ሬን ኦሱጊ የሚባል ረዳት ተዋናይ ነው፣ ፖስተር ላይ የማይወጣ ሰው በምን ይፈለጋል? ፎቶውን ከስልኬ አሳየሁት። "እንዴ ይሄ ጥምዝምዝ ነገር ያሳበደው ሰውዬ አይደል፣ ልብስ ማጠቢያ ማሽን ውስጥ ገብቶ የሞተው?" አይለኝም!

ኡዙማኪ የሚባለውን ፊልም ነው የሚለው፣ የ2000ው (አመቶቹ በፈረንጅ ናቸው)። ቀንድ አውጣ ላይ ካሜራ ደግኖ ሲቀርፅ የምታዩት እሱ ነው፣ አይጮህ፣ አይኑን አያጉረጠርጥ፣ ዝም ብሎ በፍቅር ነው የሚያያት፣ እኔን ያስፈራኝ እሱ ነው። ከዛ ወሬ ተጀመረ፣ ከኋላዬ ሰልፍ አለ ልጁ ግን ምንም አልመሰለው። ሰውዬው ከቲያትር መጥቶ በ1980ዎቹ ፒንክ ፊልም በሚሏቸው በርካሽ የሚሰሩ የአዋቂ ፊልሞች እንጀራውን የበላ ነው፣ 1993 ላይ ዳይሬክተሩ ታኬሺ ኪታኖ ሶናቲን የሚባል ፊልም ላይ ያኩዛ (የጃፓን ማፍያ) ካረገው በኋላ ማን ያቁመው። ሃና ቢ ላይ ተመቶ ዊልቸር ላይ የቀረ፣ ሚስቱና ልጁ ጥለውት ስእል የሚጀምር ፖሊስ ነው፣ ኦዲሽን ላይ ከረጢት ውስጥ ያለው ሰው (ምሳ እየበላችሁ እንዳታዩት)፣ ሺን ጎድዚላ ላይ ደሞ ጠቅላይ ሚኒስትር! ከከረጢት እስከ ቤተ መንግስት አልኩት፣ ልጁ ሳቀ።

ወቀሳዬ ምንድን ነው፣ ቤት ገብቼ የጫነልኝን ፊልም ስከፍተው ሰብታይትል የለም፣ ጃፓንኛ ብቻ። ለዛ ብዬ ተመልሼ ደሴ ወጣሁ። የሰብታይትሉ ፋይል ስሙ ከፊልሙ ጋር አንድ ካልሆነ ቲቪው አያነበውም፣ ይሄን የሚያውቅ ልጅ ነው እኮ የረሳው። ይቅርታ ብሎ በነፃ ጫነልኝ፣ ግን ፍላሼ ቫይረስ ይዞ ፎልደሩ ሁሉ ሾርትከት ሆኖ ነው የመጣው፣ የእህቴ ሰርግ ፎቶ እዛ ላይ ነበር። ባዶ ፍላሽ ይዛችሁ ሂዱ።

ከ5 ኮከብ 4 ሰጥቻለሁ፣ የሚሸጠውን ቁጭ ብሎ ያየ ሻጭ የት ይገኛል።

ኦሱጊ 2018 ላይ በ66 አመቱ ነው ልቡ ቀጥ ብሎ የሞተው፣ ያውም ረዳት ተዋናዮች ራሳቸውን ሆነው የሚሰሩበትን ባይፕሌየርስ የሚባል ተከታታይ እየቀረፀ። ከሞተ በኋላ የወጣ አንድ ፊልም አለ፣ ሞት የተፈረደባቸውን እስረኞች የሚያናግር ቄስ ሆኖ፣ እዛ ላይ መሪው እራሱ ነው። እሱን ፈልግልኝ ብዬ ለልጁ ስልክ ቁጥሬን ትቼለታለሁ፣ "አብሽር ወንድሜ እደውላለሁ" ብሎኝ ነበር፣ ይኸው ሁለት ሳምንት።